የባቡሩ ጀልባና የአባቴ ፍሬን፦ አምስት ቀን በጅቡቲ

ጅቡቲ የሄድኩት ጅቡቲን ለማየት አይደለም። አባቴ ውሸታም አለመሆኑን ለማረጋገጥ ነው። ይህን አስቀድሜ የምናገረው፣ ስለ ከተማዋ ውበት ለማንበብ የተመቻቸ ሰው ካለ ጊዜውን እንዳያባክን ብዬ ነው።

አባቴ ጋሽ ተሰማ በባቡር ሥራ ኖሮ ድሬዳዋ ጡረታ የወጣ ሰው ነው። ወጣት ሳለ ጅቡቲ ተመድቦ የባቡር ኩባንያው በነበረው ጀልባ ላይ ሠርቻለሁ ይላል። የኩባንያውን ስም አልጠራም፤ ያኔ የነበሩት ዛሬ የሉም፣ የሌለን ማማት ደግሞ ደግ አይደለም። ጀልባው እንደ አባቴ አነጋገር ግራና ቀኙ ላይ የውሃ ወፍጮ የሚያህል መንኮራኩር ነበረው። በእንፋሎት ይሄዳል። ከባቡር የወረዱትን መንገደኞች ጭኖ ባሕሩ ላይ ርቀው ወደቆሙት ትላልቅ መርከቦች ያደርሳል። አንተስ ሥራህ ምን ነበር ሲባል፣ "ፍሬን ያዥ" ይላል። እዚህ ላይ ሰው ሁሉ ይስቃል።

መጀመሪያ የሳቅሁት እኔ ነኝ። የአሥራ ሁለት ዓመት ልጅ ሆኜ፣ እንግዶች በተሰበሰቡበት፣ "አባዬ፣ ባቡር ጀልባ የለውም፤ ጀልባም ፍሬን የለውም" አልኩት። እንግዶቹ እንባ እስኪያነቡ ሳቁ። ከዚያ ቀን ወዲህ ሰፈሩ "ካፒቴን" ይለው ጀመር። ስሙን ያወጣሁት እኔ አይደለሁም፤ የምክንያቱ ባለቤት ግን እኔ ነኝ።

እሱ ግድ የሰጠው አይመስልም ነበር፤ ሰባ አምስት ዓመት እስኪሞላው። የባቡር ጡረተኞች ከሰዓት በኋላ የሚቀመጡበት አንድ የኒም ዛፍ አለ። አዲሱ ሰብሳቢያቸው የእያንዳንዱ ሰው የሥራ ታሪክ በመዝገብ ይስፈር ብሎ ወፍራም ደብተር ይዞ መጣ። አባቴ ተራው ሲደርስ "ጀልባ ላይ፣ ፍሬን ያዥ" አለ። ሰብሳቢው እስክሪብቶውን አስቀመጠና፣ "ጋሽ ተሰማ፣ ይሄ እኮ የሚጻፍ ነው" አለው። አባቴ ተነስቶ ወደ ቤት መጣ። ከዚያ በኋላ ሦስት ወር ከግቢ አልወጣም። ወንበሩን ወደ ግድግዳው አዙሮ ይቀመጣል፤ ምግብ ሲቀርብለት አመስግኖ ግማሹን ይተወዋል። እኔ አስተማሪ ነኝ፤ ትምህርት ቤት ሲዘጋ ሻንጣዬን አዘጋጀሁ። ሚሌኒየማችን ሊገባ ጥቂት ዓመታት ሲቀሩት ነው፤ አሮጌው ባቡር ገና እየተነፈሰ ይሄድ ነበር።

ማክሰኞ ጠዋት ስወጣ አባቴ አንድ ነገር ብቻ ነገረኝ።

"ሮብሌን ፈልጊ። ከሰል ጨማሪያችን ነበር። ከሞተ ዝም ብለሽ ተመለሺ።"

ባቡሩ በሰዓቱ ተነሳ፤ ሽንሌን ሳያልፍ ደግሞ ቆመ። ምክንያቱን የጠየቀ ሰው አልነበረም። ወንበሬ ላይ ባለቤቱ ያልታወቀ ኬሻ ተቀምጦ ስላገኘሁ፣ ኬሻው ላይ ተቀመጥኩ። አዲጋላ ስንደርስ ውስጡ ቲማቲም መሆኑን ቀሚሴ ነገረኝ። የቲማቲሙም ባለቤት በዚያው ቅጽበት ታወቀች። እኔ ስለ ቀሚሴ ስናገር፣ እሷ ስለ ቲማቲሟ ስትናገር፣ አይሻ ድረስ ተጓዝን፤ እዚያ ሙዝ ገዝታ ግማሹን ሰጠችኝና ታረቅን።

ደወሌ ላይ ፓስፖርት የሚያየው ሰውዬ የጉዞዬን ዓላማ ጠየቀኝ። "የባቡር ጀልባ ፍለጋ" አልኩት። ቀና ብሎ አየኝ፤ የቀሚሴንም ኋላ አየ። "ጉብኝት" ብሎ ጻፈልኝ።

ጅቡቲ የደረስነው ፀሐይ ስትጠልቅ ነው። ድሬዳዋ ሞቃት ናት እያልኩ በአዲስ አበባ ዘመዶቼ ላይ ዕድሜ ልኬን ስኮራ ኖሬያለሁ። ይቅርታ እጠይቃቸዋለሁ። የጅቡቲ ሙቀት ከላይ አይመጣም፤ ከግድግዳው፣ ከወንበሩ፣ ከምትጠጪው ውሃ ነው የሚመጣው። ውሃው ደግሞ ጨው ጨው ይላል፤ ልክ አንድ ሰው ሾርባ ሊሠራ ጀምሮ ሐሳቡን እንደለወጠ።

ያረፍኩት ካርቲየ ሰባት በሚባል ሰፈር፣ ወይዘሮ መርየም ዘንድ ነው። ወይዘሮ መርየም የሐረር ልጅ ናት፤ የጎረቤታችን የአክስት ልጅ። ባሏ ከሞተ ወዲህ ከቤቷ ፊት ለፊት ባለች ጠባብ ሱቅ ጨርቅ ትሸጣለች። በር ላይ ስታየኝ ሰላምታዋን ከመጨረሷ በፊት ወደ ጓዳ ገፋችኝ።

"አቦ አንቺ ልጅ! ማን ወጋሽ?"

"ቲማቲም ነው።"

ቀሚሴን አስወልቃ ዲራ የሚሉትን የአገሬውን ስስ ቀሚስ አለበሰችኝ። ዲራው እኔን ሁለት ጊዜ ያስገባል። በአምስቱ ቀን ሌላ ልብስ አልለበስኩም፤ ድሬዳዋ ብንሆን ለመኝታ እንጂ ለመንገድ አልደፍረውም ነበር።

ረቡዕ ጠዋት ወይዘሮ መርየም ቁርስ ሳታቀርብ ፊቴ ቆመች። "ዛሬ ጾም ነው አይደል የናንተ? ጎረቤት ያለችውን ክርስቲያን ጠይቄያለሁ። ሥጋ የለም፣ ወተት የለም። ዓሣስ?"

"እኛ ቤት አይበላም፤ ጎረቤቶቻችን ግን ይበላሉ።"

"ታዲያ ጅቡቲ ስትመጪ የጎረቤቶችሽን ጾም ይዘሽ ብትመጪ ምን ነበረበት?" አለችኝና ምስር ልትቀቅል ሄደች። ባሕር ዳር ተቀምጬ ምስር በዳቦ በላሁ። ዳቦው ረጅም የፈረንሳይ ዳቦ ነው፤ ድሬዳዋም አለ፣ የኛው ግን በክንድ ሲለካ ያጥራል።

ሮብሌ የሚባለውን ሰው እንደምታፈላልግልኝ ወይዘሮ መርየም ቃል ገባች። እኔ ወደ ባቡሩ ቢሮ ሄድኩ። መዝገብ ቤቱን የያዘው የጅቡቲ ተወላጅ የሆነ ወጣት ነው፤ አማርኛ ይችላል። አማርኛውን ያስተማረችው ያሳደገችው ኢትዮጵያዊት ሞግዚት ናት፤ ስለዚህ የሚያናግረኝ በሞግዚት አማርኛ ነው።

"ነይ፣ ቁጭ በይ። መጀመሪያ ውሃ ጠጪ። ሁሉንም።"

ጠጣሁ።

"ጎበዝ!" አለኝ። የአርባ ስድስት ዓመት ሴት ነኝ።

ጉዳዬን ነገርኩት። ከልቡ አዘነልኝ። "እኛ ባቡር ነን፤ ጀልባ የለንም" አለ። ደግሞ ሊያሳየኝ ፈልጎ በፈረንሳይኛ የተጻፉትን የድሮ መዝገቦች አወረደ። የመንገደኛ ፉርጎ አለ፣ የጭነት ፉርጎ አለ፣ የውሃ ታንከር አለ። "ልዩ ልዩ" በሚለው ስር ሁለት ክሬንና አንድ በቅሎ አሉ። በቅሎዋ የሞተችበት ምክንያት ሳይቀር ተጽፏል። ጀልባ የለም። ደግመን አየን፤ የለም። ሰባት ሰዓት ሲሆን መዝገቡን ዘጋ። በዚያ ሰዓት ከኛ አገር የሚመጣው ጫት ይደርሳል፤ ከተማዋም ሥራዋን ታቆማለች። ድሬዳዋም ከሰዓት በኋላ ትተኛለች፤ ጅቡቲ ግን እንደ በር ነው የምትዘጋው።

ባዶ መንገድ ላይ ብቻዬን ስመለስ፣ አባቴ ዋሽቶ ሊሆን ይችላል ብዬ አሰብኩ። ካሰብኩት በኋላ አፈርኩ። ኩባንያው የሞተች በቅሎ መዝግቦ አባቴ የሠራበትን ጀልባ ካልመዘገበ፣ ማንን እንደምናደድ ቸገረኝ።

ሐሙስ ጠዋት ወይዘሮ መርየም ከሱቋ ደጃፍ ጮኸች። "አልሞተም! አርሂባ ነው ያለው!"

አርሂባ ከወደቡ አጠገብ ያለ የሠራተኞች ሰፈር ነው፤ አንድ ዓይነት ቤቶች ተደርድረዋል። የድሬዳዋን የባቡር ሠራተኞች ቤት ለሚያውቅ እንግዳ አይደለም፤ ደጃፍ ላይ የሚቀመጡት ሽማግሌዎች እንኳን ያው ናቸው። ሮብሌ ሰማንያን አልፏል። አንድ ዓይኑ አያይም፤ ድሬዳዋ ለብዙ ዓመት ስለሠራ አማርኛው እንደኛ ነው። የአባቴን ስም ስነግረው እጄን ይዞ ለረጅም ጊዜ አልለቀቀም።

"ተሰማ ፍሬን! አለ? በሕይወት አለ?"

"አለ።"

"ወላሂ እኔ ሞቷል ብዬ ነበር። ስለሱ ስናገር እዚህ ያሉት 'ጀልባ ፍሬን የለውም' ብለው ይስቁብኛል። ምስክር የለኝም።"

ልቤ ቀለለ። ሁለት ሽማግሌዎች፣ አንዱ ድሬዳዋ ሌላው ጅቡቲ፣ በአንድ ጀልባ ሰበብ ለብቻ ለብቻ ሲሳቅባቸው ኖረዋል። መዝገቡ ውስጥ ጀልባውን እንዳላገኘሁት ነገርኩት።

"የት ፈለግሽው?"

"ልዩ ልዩ የሚለው ውስጥ። ከበቅሎዋ ጋር።"

ሮብሌ ተቆጣ። "አቦ፣ ሎኮሞቲቭ ውስጥ ነዋ! እንፋሎት አለው፣ ጭስ አለው፣ ፊሽካ አለው፣ ጎማ አለው። ሌላ ምን ፈለግሽ?"

ነገሩን ከመጀመሪያው አስረዳኝ። ጀልባው ሲገዛ ኩባንያው የጀልባ ቅጽ አልነበረውም። ቅጽ ለማሳተም ደግሞ ፈቃድ ከፈረንሳይ መምጣት ነበረበት። ስለዚህ በሎኮሞቲቭ ቅጽ ሞሉት። አንዴ ሎኮሞቲቭ ከሆነ ደግሞ በሎኮሞቲቭ ደንብ ይተዳደራል። ደወል ሳይመታ አይነሳም። ባንዲራ የሚያውለበልብ ሰው ከወደቡ ግንብ ላይ ካላሳለፈው አይጠጋም። አንደኛ ማዕረግ ከጭሱ ፊት፣ ሦስተኛ ማዕረግ ከጭሱ ኋላ ይቀመጣል። አንድ ቀን ተቆጣጣሪ መጥቶ ከዳር እስከ ዳር ካየው በኋላ፣ "የእጅ ፍሬኑ የት አለ?" አለ። የለውም ተባለ። ያለ እጅ ፍሬን መንገደኛ ማጓጓዝ በደንቡ ክልክል ነው። ጀልባው በዚያ ቀን ቆመ። በማግስቱ የጭነት ፉርጎ የፍሬን ማኖቬላ፣ በእጅ የሚዞረው፣ ከነምሰሶው ከመጋዘን ወጥቶ ከጀልባው ኋላ በብሎን ታሰረ፤ ፍሬን ያለው ነገር ደግሞ ፍሬን ያዥ ያስፈልገዋልና አባቴ ተመደበ።

"ፍሬኑ ይሠራ ነበር?" ብዬ ጠየቅሁት።

ሮብሌ ሻሹን አስተካከለ። "አባትሽ ጎበዝ ሠራተኛ ነበር" አለኝ። "ወደቡ ጠልቆ ተቆፍሮ መርከቦቹ ግንቡ ድረስ መምጣት ሲችሉ ጀልባችን ቀረ። ለብረት ተሸጠ። ማኖቬላውን ግን አንድ አለቃ ሄሮን ሰፈር ወዳለው ቤቱ ወሰደው። ቤቱ አሁንም አለ፤ ባሕሩ ዳር፣ አረንጓዴ መስኮት ያለው።"

ወደ ቢሮው ሮጥኩ፤ በዲራ የሚሮጥ ሰው መንገደኛን ሁሉ ያስቆማል። ከሰባት ሰዓት በፊት ደረስኩ። ወጣቱ ውሃዬን አጠጥቶኝ የሎኮሞቲቮቹን መዝገብ ገለጠ። አገኘነው። እያነበበ ተረጎመልኝ። የጎማ ብዛት፦ ሁለት። የሐዲድ ስፋት፦ አይመለከተውም። የሚጎትተው ጭነት፦ ራሱን። ከሐዲድ ወጥቶ ያውቃል፦ አያውቅም። ሠራተኞች በሚለው ስር፣ ከአምስት ስሞች መጨረሻ ላይ፣ የአባቴ ስም፤ ፍሬን ያዥ።

ወጣቱ ፎቶ ኮፒ አደረገልኝ። ማህተም እንዲያደርግበት ለመንኩት። ለምን አለኝ። ድሬዳዋ ማህተም የሌለው ወረቀት ወረቀት እንዳልሆነ ነገርኩት። ሁለት ቦታ መታልኝና፣ "በቃ፣ አታልቅሺ እሺ?" አለኝ። ማልቀሴን ያወቅሁት ያኔ ነው።

እዚህ ላይ ብመለስ ጥሩ ነበር። ባቡሩ ግን ከቅዳሜ በፊት አይነሳም። ዓርብ ቢሮ ዝግ ነው፤ እኔም ፎቶ ማንሻ ይዣለሁ፤ ሄሮን ሄድኩ።

ሄሮን ነፋስ አለ። ቤቶቹ የፈረንሳይ ዘመን ናቸው፤ ሰፋፊ በረንዳ፣ ረጃጅም መስኮት፤ የድሬዳዋን ሰፈር፣ የኛን ከዚራን፣ ባሕር ዳር ያስቀመጡት ይመስላል። አረንጓዴ መስኮት ያለውን ቤት የከፈተችልኝ አለሚቱ የምትባል የከሚሴ ልጅ ናት፤ እዚያው እያደረች ትሠራለች። የወይዘሮ መርየም የጨርቅ ደንበኛ ስለሆነች በወይዘሮ መርየም ስም ተዋወቅኋት። አሠሪዋ አልነበረችም፤ አለሚቱ ሳታስፈቅድ እንደማታስገባኝ ነግራኝ ስልክ ደወለችላት።

"ማዳም፣ አንዲት ሴት ፎቶ ልታነሳ መጥታ ነው። ... አይ ቤቱን አይደለም። ... እኔንም አይደለም። የልብስ ማስጫውን ነው።" ትንሽ አዳመጠችና ዘጋች። "እየሳቀች ነው። አንሺ ብላለች።"

ማኖቬላው ጓሮ ውስጥ ሲሚንቶ ላይ ቆሟል። እስከ ደረቴ ይደርሳል። የልብስ ገመድ ታስሮበታል፤ ገመዱ ላይ የትራስ ልብሶች ተሰጥተዋል። የእንጨት እጀታው በአንድ በኩል በመዳፍ ብዛት ጎድጉዷል። የአባቴ መዳፍ ነው። እጄን አስገባሁበት፤ ሰፋኝ። አዞርኩት። ያለ አንዳች ክብደት ዞረ።

የባቡር ሠራተኛ ልጅ ነኝ፤ የፉርጎ ፍሬን አውቃለሁ። ማኖቬላው ሲዞር ከግርጌው ባለው ቀዳዳ የታሰረውን ሰንሰለት ይስባል፣ ሰንሰለቱ ጎማውን ያስይዛል። ጎንበስ ብዬ ቀዳዳውን አየሁት። ፋብሪካው የቀባው ቀይ ቀለም ውስጡ እንዳለ ነው። ሰንሰለት ያለፈበት ቀዳዳ ቀለም የለውም። ከፋብሪካ እንደወጣ ለመለዋወጫ የተቀመጠ ነበር ማለት ነው፤ ጀልባው ላይም ከምንም ጋር አልታሰረም። እጀታው አለቀ፤ ቀዳዳው አዲስ ነው። አባቴ ወጣትነቱን ምንም የማይዝ ነገር ሲያዞር አሳለፈ።

እርጥብ የትራስ ልብሶች መሐል ቁጭ አልኩ።

"እህቴ፣ ምን ሆንሽ? ብረት እኮ ነው" አለችኝ አለሚቱ። ቀዝቃዛ ፓፓያ ቆርጣ አመጣችልኝ፤ አጠገቤም ተቀምጣ እስክጨርስ ጠበቀችኝ። ፎቶውን ከላይ ብቻ አነሳሁት።

ማታ እራት ላይ ለወይዘሮ መርየም ስለ ፍሬኑ ነገርኳት፤ ስለ ቀዳዳው ግን አልነገርኳትም። እጇ ሳህኑ ላይ ቆመ።

"እናቴ ለሐጅ ስትሄድ በዚያ ጀልባ ነው የተሳፈረችው" አለች። "የሐረር ልጅ፣ ከወንዝ ሌላ ውሃ አታውቅ። መርከቡ እንደ ግንብ ፊቷ ሲቆም ልንገጨው ነው ብላ ሸሃዳዋን ይዛ ነበር። ከኋላ አንድ ልጅ ተነስቶ ፍሬን ያዘ። ያኔ ነው ነፍሷ የተመለሰች። እስክትሞት ድረስ በየረመዳኑ ዱዓ ታደርግለት ነበር፤ ስሙን ስለማታውቅ 'ለባለ ፍሬኑ' እያለች።"

ጥሩ ወሬ ነበር፤ እኔን ግን አደቀቀኝ። ያ ሁሉ ዱዓ ለባዶ ቀዳዳ ሆኖ ታየኝ። ለአባቴ ወረቀቱን እንጂ ቀዳዳውን እንደማልነግረው እዚያው ወሰንኩ።

ቅዳሜ ገና ሳይነጋ ወይዘሮ መርየም ለመንገድ ሰንቡሳ ጠቀለለችልኝ፤ ዲራውን ልመልስላት ስል ተቆጣች። ባቡሩ ከአሊ ሳቢህ ወዲያ ሦስት ጊዜ ቆመ። ደወሌ ከመድረሳችን በፊት ያቺው ባለ ቲማቲም አገኘችኝ፤ አሁን የጫነችው ልብስ ነው። ኬላውን ለማለፍ ሁለት አዲስ ቀሚስ ከዲራዬ ስር እንድለብስላት ለመነችኝ፤ ማታ ቤቴ መጥታ ልትወስድ። አስተማሪ ነኝ አልኳት። "እሱማ ጥሩ ነው፤ አይጠረጥሩሽም" አለች። ለበስኩ።

አባቴ ግቢ ውስጥ ፊቱን ወደ ግድግዳው አዙሮ ተቀምጧል። ስገባ ዞሮ አየኝ።

"በአምስት ቀን ወፈርሽ?"

ወረቀቱን ሰጠሁት። ከማንበቡ በፊት ማህተሙን ፈለገ። ሁለት መሆናቸውን ሲያይ መነጽሩን አወጣ። ስሙ ጋ ሲደርስ ጣቱን አስቀምጦ ቆየ። ሮብሌ አለ አልኩት፤ ራሱን ነቀነቀ። ከዚያ ፎቶውን ሰጠሁት።

"ማኖቬላው! ዞረልሽ?"

"ዞረ።"

"ቀዳዳው ውስጥ ያለው ቀይ ቀለም አሁንም አለ?"

ፎቶውን መልሼ አየሁት፤ ቀዳዳው አይታይበትም።

"ታውቅ ነበር?"

"በመጀመሪያው ቀን ጎንበስ ብዬ አይቼዋለሁ። ሰንሰለት የለውም ብዬ ለአለቃዬ ነገርኩት። 'ደንቡ ፍሬን ይኑረው ይላል እንጂ ይታሰር አይልም' አለኝ።"

"ታዲያ ለምን ታዞረው ነበር?"

"ሰዉ ነዋ። ከደጋ የመጣ፣ ባሕር አይቶ የማያውቅ ሰው። መርከቡ ሲቀርብ ይጮሃል፣ ወደ አንድ ጎን ይሮጣል፤ ጀልባ የሚገለበጠው እንዲያ ሲሮጡ ነው። እኔ ተነስቼ፣ ፊቴን አኮሳትሬ ማዞር ስጀምር ሁሉም ቁጭ ይላሉ።" መነጽሩን ጠረገ። "ከባድ እንዲመስል ጥርሴን መንከስ ነበረብኝ። ቀላል ሥራ አልነበረም።"

ስለ ወይዘሮ መርየም እናት ነገርኩት። ዱዓውን ስነግረው መነጽሩን መልሶ አላደረገም። "አባዬ፣ ያኔ ስለሳቅሁብህ ይቅር በለኝ" አልኩት። "አንቺማ ልክ ነበርሽ፤ ጀልባ ፍሬን የለውም" አለኝ። ኮቱን እንዳመጣለት ጠየቀኝ።

አብሬው ወደ ኒሙ ዛፍ ሄድኩ፤ ከነሦስቱ ቀሚሴ። ሰብሳቢው ወረቀቱን ተቀብሎ ማህተሞቹን በፀሐይ አየ፤ ደብተሩን ከፈተ፤ የአባቴን ስም ጻፈና ቀና አለ። የሳቅ ነገር ከንፈሩ ላይ ነበር።

"ጋሽ ተሰማ፣ ለመሆኑ ፍሬኑ ይይዝ ነበር?"

አባቴ አንገቱን ቀና አደረገ።

"አምስት ዓመት ሠራሁበት፤ አንድ ቀን መርከብ ገጭተን አናውቅም። ጻፍ።"

ጻፈ።